ማር የላሰው የሌክውድ ልጅ

ባለፈው ሳምንት እዚህ አውሮራ፣ ከዴንቨር አጠገብ፣ ቻምበርስ ሮድ ላይ ካለው የሐበሻ ሥጋ ቤት ወረፋ ይዤ ቆሜ ነበር። የባለቤቴ የበላይ ሙት ዓመት ስለደረሰ ለዝክሩ የሚሆን ሥጋ ላዝዝ ነው የሄድኩት። ሥጋ ቆራጩ ቢላውን ወደ ኤሌክትሪክ መሳያው አስጠጋው። ብረቱ ጮኸ፣ ብልጭ ብልጭ አለ፣ የጋለ ብረት ሽታ ቤቱን ሞላው። "እናቴ፣ ስንት ፓውንድ ላድርግልዎ?" ይለኛል፤ እሰማዋለሁ፣ ግን አልመልስለትም። እኔ በዚያች ደቂቃ ሥጋ ቤቱ ውስጥ አልነበርኩም። ከፒዮሪያ ስትሪት ብዙ በማይርቀው በድሮው የበረዶ ሜዳ፣ በረዶ ላይ የሚንሸራተቱበት የስኬቲንግ ጫማ ስለቱ ከሚሳልበት መስኮት አጠገብ፣ የልጄን የቤዛን ጫማ ታቅፌ ተራዬን እጠብቅ ነበር። "እናቴ?" አለ ደግሞ። "ይቅርታ ልጄ፣ ሽታው ወስዶኝ ነው" አልኩት። "የሥጋው?" ብሎ ደነገጠ። ከኋላዬ የቆሙት ሁሉ ሳቁ።

ያ የበረዶ ሜዳ ዛሬ የለም፤ ሰዎች የተረፋቸውን ዕቃ ቆልፈው የሚያስቀምጡበት ቤት ሆኗል። ያኔ እኔ እዚያ በምግብ መሸጫዋ መስኮት እሠራ ነበር። ድንች እጠብሳለሁ፣ ትኩስ ቸኮሌት እቀዳለሁ። ድንቹ በወረቀት ሳህን ሞልቶ አንድ ዶላር ከሃምሳ ነበር፤ ቸኮሌቱ አንድ ዶላር። በሐምሌ ሐሩር ካፖርት ለብሼ ሥራ ስሄድ ጎረቤቶቼ ያመመኝ ይመስላቸው ነበር። ስልክ ሁሉ ታጣፊ የነበረበት ዘመን ነው። አገር ቤት የምንደውለው ከሱቅ በምንገዛው ካርድ ነበር፤ ቁጥሩን በሳንቲም እንፍቃለን፣ ገና የዘመድ አዝማዱን ሰላምታ ሳንጨርስ ያቺ የማናውቃት ሴትዮ በእንግሊዝኛ ገብታ አንድ ደቂቃ ቀርቷችኋል ትለናለች። በላይ ኤርፖርት ታክሲ ይነዳ ነበር፤ ሌሊት ሠርቶ ቀን ይተኛል። ቤዛን የሚጠብቅልኝ ስላልነበረ ይዣት እሄድ ነበር። ስድስት ዓመቷ ነው። ከኮልፋክስ የልባሽ ሱቅ የገዛሁላትን ሮዝ ጃኬት ለብሳ፣ የሚከራየውን ጠንካራ ሰማያዊ ጫማ አጥልቃ፣ አጥሩን ይዛ ዙሪያውን ትሄዳለች። አንድ ቀን ድንቹን አውጥቼ ቀና ስል አጥሩን ለቃለች። መሀል ላይ ናት። ስትወድቅ አታለቅስም፤ ተነሥታ በረዶውን ከጉልበቷ ታራግፋለች። እዚያ ልጆች የምታስተምር አንዲት አሠልጣኝ ያየቻት ያን ጊዜ ነው። የማስተምራት በነጻ ነው አለችኝ። እግዚአብሔር በማን እጅ እንደሚሰጥ አይታወቅም።

ቤዛ ዐሥራ ሦስት ዓመት ሲሞላት አሠልጣኟ ደግማ ጠራችኝ። ትንሽ ናት፣ ደግሞ አትፈራም፤ ከወንድ ልጅ ጋር ጥንድ ሆና ብትወዳደር ሩቅ ትደርሳለች አለች። እኔ ጥንድ ማለት ጎን ለጎን የሚሄዱ መስሎኝ እሺ አልኩ። ልጁ ኮዲ ይባላል፤ ዐሥራ ስድስት ዓመቱ ነው። የሚመጣው ከሌክውድ፣ ከከተማው ከወዲያኛው ጫፍ ነው። እናቱ ሌላ ስቴት ናት፣ አባቱ የቧንቧ ሠራተኛ ነው፤ ልጁም ቧንቧ በመሸከም የሰፋ ትከሻ ነበረው። ሲያፍር ጆሮው ይቀላል። መጀመሪያ ጎን ለጎን ሄዱ፤ ደስ አለኝ። ከጥቂት ሳምንት በኋላ ግን ቀና ስል ልጄ አየር ላይ ናት። ወገቧን ይዞ ከራሱ በላይ አንሥቷት በፍጥነት ይከንፋል። "በስመ አብ!" ብዬ የድንቹን ማውጫ ዘይቱ ውስጥ ጣልኩት።

ለበላይ ልደብቀው አልፈለግሁም።

"ከአናቱ በላይ?" አለኝ።

"ከአናቱ በላይ።"

"ምኗን ይዞ?"

"ወገቧን።"

"ልጅ ናት ወይስ ጀሪካን ናት? ይጥላታል! እሱ ባይጥላት እንኳ የሰው አፍ ይጥላታል።"

ቤዛ ከጓዳ ወጣች። "አባ፣ ሂ ኢዝ ማይ ፓርትነር። ኢትስ ጀስት ስኬቲንግ።"

"በአማርኛ ንገሪኝ!"

"አማርኛ የለውም፣ አባ።"

ስለ ሰው አፍ የተናገረው ልክ ነበር። በሚቀጥለው እሑድ እትዬ ዘነበች፣ የማኅበራችን ታላቅ፣ ከቅዳሴ በኋላ ክንዴን ይዘው ወደ ዳር ወሰዱኝ። "አንቺ ጥሩ፣ ልጅሽን አንድ ፈረንጅ በራሱ ላይ ተሸክሞ ይዞራል የሚሉት እውነት ነው? በራስ ላይ የሚሸከሙት እኮ ታቦት ነው።" በላይ የዚያኑ ዕለት ጫማዋን ከቁም ሳጥኑ ላይ ሰቀለው። ቤዛ አልተከራከረችም፣ አላለቀሰችም። ግን ከትምህርት ቤት ስትመጣ በካልሲዋ በወጥ ቤቱ ወለል ላይ ያንኑ ዙር ትሄዳለች፤ እጇን ዘርግታ፣ ዓይኗን ጨፍና፣ ከአጠገቧ የሌለውን ሰው እጅ እየያዘች። በር ላይ ቆሜ አይቻት ተመለስኩ። ልጅ ሲያለቅስ ማባበል ይቻላል፤ ለዚህ ግን መላ አጣሁለት። ኪዳነ ምሕረትን ለመንኳት።

ትዝ ያለኝ ነገር ከአባቴ ቤት የመጣ ነው። መርሐቤቴ ሳለን አባቴ አንድ የጡት ልጅ ነበረው። ከኛ ቤተሰብ ጋር ደም ከነበረበት ቤት የመጣ ጎልማሳ ነው። አባቴ ሽማግሌ ሰብስቦ፣ አውራ ጣቱን ማር ነክሮ አላሰውና ልጄ ነህ አለው። ከዚያ በኋላ ሰውየው ከእኛ ከሴቶቹ ጋር ወንዝ ይወርዳል፣ እንጨት ያሸክመናል፣ ሲመሽ ከጎረቤት ያመጣናል። አንድም ሰው ክፉ አላወራም። ወንድማችን ነዋ። ከሆድ ወንድም ይልቅ የጡት ወንድም ይፈራል፤ የገባው በመሐላ ነው። ይህን ይዤ ወደ ንስሐ አባታችን ሄድኩ። "ቤተ ክርስቲያን የምታውቀው የክርስትና ልጅነትን ነው" አሉኝ። "ይሄ ያገር ልማድ ነው። ክፋት ግን አላይበትም። ብቻ እናትነቱን ከተቀበልሽ ቀልድ እንዳይሆን።" እሺ አልኩ። በላይ ግን ሳቀብኝ። "ፈረንጅ ምን ያውቃል? ማሩን ልሶ ይሄዳል።"

"ይላስና እናየዋለን" አልኩት።

ቅዳሜ ቀን ኮዲና አባቱ አፓርታማችን መጡ። አባቱ የሥራ ጫማውን በር ላይ አውልቆ፣ ቤዝቦል ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀመጠ። እትዬ ዘነበችን ምስክር እንዲሆኑ ለመንኳቸው። ያገር ቤት ማር ስላላገኘሁ ከሱቅ የገዛሁትን፣ በድብ ቅርጽ የተሠራች የፕላስቲክ ጠርሙስ ውስጥ ያለውን አቀረብኩ።

"ይሄ ምንድን ነው? ድብ ነው?" አሉ እትዬ ዘነበች።

"ማር ነው፣ እትዬ።"

"ከድብ?"

በላይ ጉሮሮውን ጠረገ። "ቤዛ፣ ንገሪው። ከዛሬ ጀምሮ እህቱ ነሽ። በሌላ ዓይን ማየት የለም። ብትታመሚ ይጠይቃል፣ ብትቸገሪ ይደርሳል። እኛ ስንሞት ይቀብረናል።"

"አባ፣ ኖ! ይሄን አልተረጉምም!"

"ተርጉሚ!"

ፊቷን በመዳፏ ሸፍና ተረጎመች። የኮዲ ጆሮ ቲማቲም መሰለ። ግን አልሳቀም። "የስ ሰር" አለ። የድቧን ጠርሙስ ገልብጬ አውራ ጣቴን ማር ቀባሁና ዘረጋሁለት። ጎንበስ ብሎ ላሰ። "ልጄ ነህ" አልኩት። በላይ ተነሣ፤ ጠርሙሷን ከእጄ ወሰደ። "እናት ብቻ ናት እንዴ የምታልሰው?" ብሎ የራሱን አውራ ጣት ቀባ። የኮዲ አባት ይህን ሁሉ አይቶ ለቤዛ አንድ ነገር ጠየቃት። "ታዲያ እኔስ ሴት ልጅ አገኘሁ ማለት ነው? ይላል" አለች። "አግኝቷል በይው" አሉ እትዬ ዘነበች። በማግስቱ ጫማው ከቁም ሳጥኑ ላይ ወረደ።

ከዚያ በኋላ የመጡት ዓመታት በረከት ነበሩ። ኮዲ "እማ" ይለኝ ጀመር። በጾም ቤዛ ስትጾም አሠልጣኟ አቅም ታጣለች ብላ ትጨነቃለች፤ እሱ ደግሞ የኦቾሎኒ ቅቤውን ጠርሙስ አዙሮ አንብቦ "ኖ ሚልክ፣ እማ" እያለ ያመጣላታል። የሚወዳደሩበት የፒያኖ ሙዚቃ ከጠዋት እስከ ማታ ስለሚደጋገም ሳህን ሳጥብ ከመዝሙሩ ጋር ተቀላቅሎብኝ ደንግጬ የማቆምበት ጊዜ ነበር። ቀሚሷን የምሰፋው እኔ ነበርኩ። ከጀርባና ከደረት ላይ የሚገባ ስስ ጨርቅ አለ፤ ገላ የሚመስል፣ ግን ገላ የሚሸፍን። ሱቅ የሚሸጠው የነጮቹን ገላ የሚመስለውን ብቻ ነው፤ ቤዛ ላይ ሲደረግ ፋሻ ይመስላል። ሻይ ቅጠል በድስት አፍልቼ ነከርኩት። ደጋግሜ እየነከርኩ፣ እያደረቅሁ፣ ትከሻዋ ላይ እያስጠጋሁ ስሞክር አንድ ቀን የት ጋ ጨርቁ አልቆ የት ጋ ልጄ እንደምትጀምር ለራሴም ጠፋኝ። የክልሉን ውድድር ባሸነፉ ጊዜ ቪዲዮውን በቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ አሳዩት። "እግዚኦ! ጀርባዋ!" አሉ እትዬ ዘነበች። "ጨርቅ ነው እትዬ፣ በሻይ የነከርኩት" ብል አላመኑም። በሚቀጥለው እሑድ ቀሚሱን በፌስታል አምጥቼ አስዳሰስኳቸው። በጣታቸው ቆነጠሩት፣ ወደ ብርሃን አነሡት። ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ ሰው ስለ ቤዛ አፉን ከከፈተ "ጨርቅ ነው! በሻይ ነው!" ብለው የሚያዘጉት እሳቸው ሆኑ።

የወደቀች ዕለት ተራ ጠዋት ነበር። ድንቹ ላይ ጨው እየነሰነስኩ ነበር። በረዶ ላይ መውደቅ የራሱ ድምፅ አለው፤ ለምጄዋለሁ። ይህ ግን ሌላ ድምፅ ነበር። ኮዲ ከራሱ በላይ አንሥቷት ሲዞር የጫማው ስለት በረዶው ውስጥ ተቀረቀረ፤ ሁለቱም ወደቁ፣ እሷ ግን ከላይ ነው የወደቀችው። የትከሻዋ አጥንት ተሰበረ። ሐኪም ቤት በላይ "ይጥላታል አላልኩም?" አለኝ፤ አንድ ጊዜ ብቻ። ከዚያ ወዲያ አልደገመውም። አጥንቷ በእግዚአብሔር ቸርነት ገጠመ። ኮዲ ግን አልመጣም። ስልክም አላነሣም። አሠልጣኟ ሄዳ አነጋግራው ነበር፤ ከእንግዲህ ሰው አላነሣም ብሏታል። የዓመቱ ትልቅ ውድድር ቀርቧል። ያለ ጓደኛ ጥንድ የለም፤ ቤዛን የሚመጥን ሌላ ልጅ ደግሞ በዚያ አካባቢ አልነበረም። የስንት ዓመት ድካሟ በአንድ ልጅ ፍርሃት ሊቀር ሆነ። ቤዛ ስልኳን እያጠፈች እየከፈተች "ሂ ዎንት አንሰር፣ እማ" ትለኛለች። በላይ እራት ላይ ድንገት ማንኪያውን አስቀመጠ። "ጣላት፤ ይሁን፣ ሰው ነው። ወንድም ግን እህቱ ታማ ሳይጠይቅ ይቀራል? ሂጂ ልጅሽን ጠይቂው።"

ሀይዌይ መንዳት እፈራ ነበር። ስለዚህ የኮልፋክስን ጎዳና ይዤ ከአውሮራ ዴንቨርን አቋርጬ እስከ ሌክውድ ሄድኩ። መብራቱ ሁሉ ቀይ ነበር። ደግ ነው፤ በየመብራቱ ጸለይኩ። ኮዲን ያገኘሁት ጋራዡ በር ላይ ቧንቧ በየመጠኑ ሲለይ ነው። ሲያየኝ ተነሣ፣ ቀና ግን አላለም።

"ዩ ኢት?" አልኩት። የያዝኩትን ሽሮ ሰጠሁት።

"እማ፣ አይ ድሮፕድ ኸር።"

እንግሊዝኛዬ ትንሽ ነበር፤ ያለኝን አወጣሁ። "ብራዘር ድሮፕ፣ ኦኬ። ብራዘር ኖ ካም፣ ኖት ኦኬ።"

እጁን ዘርግቶ አሳየኝ። መዳፉ ይንቀጠቀጥ ነበር። እንግዲህ እኔ ብዙ የምናገር ሰው አይደለሁም፤ በእንግሊዝኛ ደግሞ ጭራሽ። ቦርሳዬን መኪናው ላይ አስቀመጥኩ። ነጠላዬን ወገቤ ላይ አጥብቄ አሰርኩ።

"ሊፍት" አልኩት።

"ኋት?"

"ሚ። ሊፍት።"

"እማ፣ ኖ።"

"ልጄ አይደለህም?" አልኩት በአማርኛ። ይህቺን ያውቃታል።

እጁን ሱሪው ላይ ጠረገ። እኔ ከቤዛ በእጅጉ እከብዳለሁ። ዓይኔን ጨፍኜ አቡነ ዘበሰማያት ጀመርኩ። እግሬ መሬቱን ለቀቀ። ስገልጥ የጋራዡን ጣሪያ ከላይ አየዋለሁ፤ ከጣሪያው ባሻገር ደግሞ በረዶ የለበሱት ተራሮች አሉ። አባቱ ስኒውን እንደያዘ ከቤት ወጥቶ ቀጥ ብሎ ቆመ። ኮዲ እንደ እንቁላል አድርጎ አስቀመጠኝ። እጁን አየሁት፤ መንቀጥቀጡን ትቷል። "ነገ ጠዋት" ብዬው ኮልፋክስን ይዤ ተመለስኩ። ለበላይ ስነግረው እንባው እስኪወርድ ሳቀ። "አንቺን? ሙሉሽን?" እያለ።

ኮዲ መጣ። መጀመሪያ ከበረዶው ውጭ፣ ምንጣፍ ላይ፣ ከዚያ በበረዶው ላይ አነሣት። በትልቁ ውድድር አላሸነፉም፤ ግን ያቺው የጣላት አነሣስ ስትደርስ እኔ በነጠላዬ ፊቴን ስሸፍን በላይ ክንዴን ነቅንቆ "እዪ እንጂ!" አለኝ። ከራሱ በላይ አንሥቷት እጇን እንደ ክንፍ ዘርግታ ነበር። ሌላ ጊዜ ሦስተኛ ወጥተው ሜዳልያ አጥልቀዋል። ከዚያ ቤዛ ኮሌጅ ገባች፤ ትከሻዋም በብርድ ይነዝራት ጀመር። አንድ የፀደይ ቀን ጫማዋን አስልታ፣ አድርቃ ጠቅልላ አስቀመጠችው። ያ ብቻ ነው። ዛሬ ነርስ ናት፣ ሁለት ልጆች አሏት። ኮዲ የአባቱን ሥራ ወረሰ፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆች በረዶ ላይ ያስተምራል። ከፋሲካ ቀርቶ አያውቅም።

በላይን የቀበርነው ባለፈው ጥር ነው። የመቃብሩ መንገድ ቁልቁለት ነው፤ የወረደው በረዶ ተረግጦ መስተዋት ሆኗል። ሊሸከሙ የተሰለፉት ወንዶች የእሑድ ጫማ ነው ያደረጉት። ገና ከመኪናው ሲያወጡት አንዱ ተንሸራቶ ሳጥኑ ዘመም አለ፤ ሁላችንም ጮኽን። ኮዲ ከፊት መጥቶ እጀታውን ያዘ። የማያውቀው አንድ ወጣት በእንግሊዝኛ "ቤተሰብ ብቻ ነው" አለው። እትዬ ዘነበች ዛሬ በከዘራ ነው የሚሄዱት፤ ከዘራውን አነሡበት። "ልጁ ነው! ማሩን ሲልስ አይቻለሁ!"

ኮዲ ወደ ተሸካሚዎቹ ዞሮ "ቀስ" አለ በአማርኛ። ጉልበታቸውን አጠፍ እንዲያደርጉ፣ እግራቸውን ሳያነሡ በትንሽ በትንሹ እንዲገፉ በእግሩ አሳያቸው። ተከተሉት። ከመኪናው እስከ ጉድጓዱ ድረስ በላይ አልተነቃነቀም።

ሲያስቀምጡት ኮዲ መጥቶ ከጎኔ ቆመ። እጁን ያዝኩት። ያን ጊዜ ብቻ ተንቀጠቀጠ።

"አልጣልኩትም፣ እማ" አለኝ።